ከታች ያለው ድምፅ

በእኛ አገር ሰርግ ላይ ለመዝፈን ችሎታ አይጠየቅም። አንዷ ታወርዳለች፣ ሌላው ይቀበላል፤ አፍ ያለው ሁሉ ተቀባይ ነው። ከደብረ ኤልያስ ወጣ ብሎ ባለው መንደራችን «ተቀበይ» የማልባለው እኔ ብቻ ነበርኩ። ድምፄ ለሴት ልጅ ወፍራም ነው። ሌሎቹ ከሚወጡበት አልወጣም፤ ከእነሱ ዝቅ ብዬ ጎን ለጎን እሄዳለሁ። አውቄ የማደርገው አልነበረም፤ ጉሮሮዬ የሚያውቀው ያንን መንገድ ብቻ ነበር። አጠገቤ ያለችው ሴት መጀመሪያ ዘወር ብላ ታየኛለች፣ ቀጥሎ እሷም ትሳሳታለች፣ ከዚያ ክንዴን ነካ ታደርገኛለች። «አንቺ አጨብጭቢ የኔ ልጅ፤ ጭብጨባሽ ያምራል።» ስድብ ቢሆን እረሳው ነበር። ማባበል ስለሆነ አልረሳሁትም። ማጨብጨብ ለመድኩ።

ትምህርትም የጀመርኩት ዘግይቼ ነው። እናቴ ስታርፍ ከልጆቿ ትልቋ እኔ ስለነበርኩ ጓዳው በእኔ ላይ ወደቀ፤ ታናናሾቼ ደብተር ይዘው ሲወጡ በር ድረስ እሸኛቸው ነበር። ደብረ ማርቆስ የምትኖረው አክስቴ አባቴን ለምና፣ ተቆጥታ፣ መልሳ ለምና ስትወስደኝ ጡት አውጥቼ ነበር። አንደኛ ክፍል አጠገቤ የተቀመጠው ልጅ እግሩ መሬት አይደርስም፤ የእኔ ጉልበት ደግሞ ከዴስኩ ሥር አይገባም። ልጆቹ «እትዬ» ይሉኛል፣ ግማሾቹ ከልባቸው፣ ግማሾቹ ለሳቅ። መልስ አልሰጥም ነበር። ማንበብ ከቻልኩ በኋላ መልስ መስጠቱም አላስፈለገኝ። አንድ ቃል ሳይገባኝ ገጽ አልገልጥም፤ እስከ ዛሬም እንዲሁ ነኝ፤ ይህ ጠባዬ ሰው ያሰለቻል።

ዘጠነኛ ክፍልን በማታው ክፍለ ጊዜ ስማር፣ ቀን ቀን እዚያው ትምህርት ቤት ቤተ መጻሕፍት ውስጥ መጽሐፍ እያወጣሁና እየመለስኩ እሠራ ነበር። ከግድግዳው ባሻገር ባለው ክፍል ቅዳሜ ከሰዓት የሙዚቃ ክበብ ይሰበሰባል። መምህሩ ሙዚቃ በወጉ ተምሮ የመጣ ወጣት ነው፤ አንድ ኦርጋን፣ አንድ የተላላጠ ስፒከርና ብዙ ተስፋ ነበረው። ክበቡ በየሳምንቱ እየሳሳ ሄዶ ሁለት ሰው ቀርቶታል። አንዷ ዐሥራ አንደኛ ክፍል የምትማር፣ ድምጿ እንደ ክር የቀጠነ ግን የማይበጠስ ልጅ ናት፤ ቀጭኗ እላታለሁ። ሁለተኛው ደብረ ወርቅ ድጓ ሲማር ቆይቶ ለዘመናዊ ትምህርት ብሎ ወደ ከተማ የገባ ዲያቆን ነው።

አንድ ቅዳሜ መደርደሪያ ስወለውል በግድግዳው የሚመጣውን ዜማ ሳይታወቀኝ እየተከተልኩ ነበር፤ አፌን ዘግቼ፣ በጉሮሮዬ ብቻ። ወዲያ ማዶ ዘፈኑ ቆመ። በሩ ተከፈተ።

«ማናት የምታዜመው?» አለ መምህሩ።

ቤተ መጻሕፍቱ ውስጥ ጸጥታ የማስከብረው እኔ ነኝና አፈርኩ። «ይቅርታ መምህር፣ ላበላሽባችሁ ብዬ አይደለም...»

«ምኑን ነው ያበላሸሽው? እስኪ ድገሚው።»

«የእናንተን አይደለም እኮ። ዝቅ ይላል።»

«ዝቅ ማለቱን ሰምቻለሁ። ዝቅ ያለው ነው ትክክሉ!»

ከዚያ በፊት ማንም እንዲህ ብሎኝ አያውቅም። እየተጣደፈ አስረዳኝ፤ ሃርመኒ ይባላል፣ የአንቺ ሁለተኛ ድምፅ ነው፣ ሌላው ስንት ወር ለፍቶ የሚይዘውን አንቺ አቧራ እየጠረግሽ ይዘሽዋል አለኝ። ከሦስት ቃል አንዱ ነበር የገባኝ። የገባኝ ግን ስም እንዳለው ነው። ስም ካለው ቦታ አለው። መጽሐፍ ስደረድር የምውለው ሴትዮ የራሴ መደርደሪያ የት እንደሆነ ያወቅሁት በዚያ ቀን ነው።

እንዲህ አራት ሆንን። ዋናውን ዜማ ቀጭኗ ትይዛለች፤ እኔ ከሥሯ፤ ዲያቆኑ ከእኔ ሥር፤ መምህሩ ኦርጋን እየተጫወተ ከሁላችን በታች። ሲያለማምደን እያንዳንዳችንን በክፍሉ አራት ማዕዘን ያቆመናል። የየራሳችንን ለብቻ እስኪሰለቸን ያስጠናናል፤ ከዚያ እየዘፈንን ወደ መሃል እንራመዳለን። ዲያቆኑ ሁልጊዜ መንገድ ላይ ይጠፋል፤ የቀጭኗ ዜማ ስቦ ይወስደዋል።

«ምን ላድርግ መምህር፣» ይላል፣ «እኛ ማኅሌት ስንቆም መቶ ሰው ቢሆን ድምፁ አንድ ነው። የተለየ ከተገኘ በመቋሚያ ጫፍ ነካ ይደረጋል።»

«እዚህ መቋሚያ የለም።»

«ለእሱ እኮ ነው የጠፋሁት!»

በመጨረሻ አንድ ጆሮውን በጣቱ ደፍኖ መዝፈን ጀመረ። ቀጭኗ ትስቅበታለች። «ጆሮውን የሚያመው ሰው ይዘው መጡ ብላ አንድ ቀን ሰርጓ ላይ የምንዘፍንላት ሙሽራ እንዳታለቅስ።»

አራታችንም መሃል ደርሰን በትክክል ስንገጥም፣ አንዳንዴ ብቻ፣ ከላያችን የማናችንም ያልሆነ አምስተኛ ድምፅ ይሰማል። መጀመሪያ ጊዜ ስሰማው ሰው ገባ ብዬ ወደ በሩ ዞርኩ። መምህሩ ምክንያቱን በሳይንስ አስረድቶናል፤ ምክንያቱን ማወቄ ምንም አልቀነሰብኝም። እኔ ዝም ስል ያ ድምፅ ይጠፋል። ሞክሬዋለሁ፤ ሳልነግራቸው አንድ ጊዜ አፌን ዘጋሁ፣ ጠፋ፤ ከፈትኩ፣ ተመለሰ። ሳምንቱን ሙሉ ከአክስቴ ቤት ወደ ሥራ፣ ከሥራ ወደ ማታ ክፍል፣ ከማንም ጋር ከአራት ቃል በላይ ሳልነጋገር የምከርመው እኔ ቅዳሜ ከሰዓት አንድ ነገር በእኔ መኖር የሚኖር ሆኖ ያየሁት እዚያ ነው።

የምንዘፍነው የፍቅር ዘፈን ነው። ግጥሙን እኔ እጽፍ ነበር። ፍቅርን አውቄ አይደለም፤ ከአራታችን ቤቱ እስኪመታ እንቅልፍ የማይወስደው ሰው እኔ ስለሆንኩ ነው። በኋላ የታወቅንበት ዘፈን መግቢያው ይህ ነው፦

መንገዱ ቢረዝም፣ ዳገቱ ቢከፋ፣
እግሬ ይዝላል እንጂ ልቤ አያጣም ተስፋ።

ተራ ግጥም ነው። ስጽፈውም አውቀው ነበር። ቀጭኗ ግን ለማን እንደጻፍኩት ሳታውቅ አልለቅም አለች።

«ለመምህሩ ነው አይደል?»

«ለማንም አይደለም።»

«ለማንም ብሎ ዳገት የሚወጣ አለ እንዴ እታለም? እንኳን ዳገት፣ ሰው ለማንም ብሎ ከወንበር አይነሣም።»

እውነቴን ነበር። ከክፍሉ ማዕዘን እስከ መሃሉ ያለችውን ያቺን አጭር መንገድ እያሰብኩ ነበር የጻፍኩት። ይህን ብነግራት ትስቃለች ብዬ ተውኩት።

መጀመሪያ ሰው ፊት የቆምነው በትምህርት ቤቱ የወላጆች በዓል ላይ ነው። ስንጨርስ ጭብጨባው ዘግይቶ መጣ። አንድ አባት ወደ መምህሩ ጠጋ ብለው፣ በማዘን፣ «ልጆቹ ተጣልተዋል እንዴ? ሁሉም በየራሱ ሄደ እኮ» አሉት። መምህሩ እንባው እስኪመጣ ሳቀ። ይህንንም ወሬ በየሄደበት እንደ ቀልድ ያወራው ነበር። እኔ ግን ሰውየው ሲናገሩ የማንን ድምፅ ማለታቸው እንደሆነ ስለገባኝ አብሬ አልሳቅኩም።

ጥር ሲገባ ግን ወጣቶቹ ወደዱንና ለሰርግ ይጠሩን ጀመር። ኦርጋኑን ጭናችን ላይ አጋድመን፣ በሚኒባስ ተጣብቀን፣ ወደ ጉንደ ወይን፣ ደብረ ወርቅ አካባቢ ወዳሉ መንደሮች እንሄዳለን። ዲያቆኑ ካህን ባየ ቁጥር ከስፒከሩ ኋላ ይገባል፤ ለእሱ ዘፈን የተፈቀደ አይደለምና። አንድ ሰርግ ላይ የድጓ መምህሩ ወዳጅ የሆኑ ቄስ ከክብር ቦታ ተቀምጠው አገኛቸው። ተንበርክኮ፣ ከስፒከሩ ኋላ እንደተደበቀ ሁሉንም ዘፈነ። ስንወጣ ቄሱ ጠሩት።

«አንተ ልጅ፣ ከዚያ ሳጥን የሚወጣው ድምፅ አንድ የማውቀውን ዲያቆን ድምፅ ይመስላል። ብታገኘው ድጓው ናፍቆሃል በልልኝ።»

«እነግረዋለሁ አባ።»

«ጉልበቱን ይጠብቅም በለው። መንበርከክ ከወደደ የምንበረከክበት ቦታ እኛም አለን።»

በየሰርጉ ዘፈኑ ሲያልቅ እንግዶቹ ወደ ቀጭኗ ይመጣሉ፤ ድምጿን ያደንቃሉ፣ ያገባች መሆን አለመሆኗን ይጠይቃሉ። መምህሩን ያናግራሉ። ወደ እኔ የሚመጣ አልነበረም፤ የሚመጣ ቢኖር ምን እንደምለው አላውቅም ነበር። እኔ ገመድ እየጠቀለልኩ ዳሱ ውስጥ ቅድም ያ አምስተኛው ድምፅ መጥቶ እንደሆነ አስባለሁ። ብዙ ጊዜ አይመጣም፤ ሰው እየጮኸ፣ ብርጭቆ እየተጋጨ አይመጣም። ቅዳሜ ግን ይመጣል። ይበቃኝ ነበር።

በሁለተኛው ዓመት፣ ባሕር ዳር ስቱዲዮ ያለው ሰው ዘፈናችንን ሊቀዳልን ተስማማ። ችግሩ ሁዳዴ ደርሷል። በእኛ አገር በጾም ዘፈን አይወጣም፣ ሰርግም የለም፤ ከቅበላ በፊት ካልደረሰ ፋሲካን መጠበቅ ነው። መምህሩ ደግሞ መጠበቅ አይሆንለትም።

ስቱዲዮው ግድግዳው በእንቁላል ካርቶን የተለበጠ ጠባብ ክፍል ነው። አራታችን አብረን የምንዘፍን መስሎኝ ነበር የሄድኩት። ቀጂው ግን አንድ በአንድ ነው የሚያስገባው። የእኔ ተራ ሲደርስ ሌሎቹ ምሳ ሊበሉ ወጡ። የቀጭኗን ድምፅ በማዳመጫ እየሰማሁ፣ ከእንቁላል ካርቶን ጋር ፊት ለፊት ቆሜ ዘፈንኩ።

«እህቴ፣ ዝቅ አልሽ» አለኝ ቀጂው በጆሮዬ።

«እንደዚያ ነው።»

«ከልጅቷ ጋር አትገናኙም እኮ።»

«አንገናኝም። ጎን ለጎን ነን።»

«እሺ፣ እንዳልሽ።» ነገረኛ ሰው እንዲሄድለት የሚፈልግ ሰው የሚለው ዓይነት «እሺ» ነበር።

በማግስቱ ክፍል ስለነበር የቀረውን ለቀጂው ትተን ተመለስን። ዘፈኑ ለጾሙ መግቢያ ጥቂት ሲቀር ዩቲዩብ ላይ ተጫነ። መምህሩ ራሱ አስቀድሞ አልሰማውም፤ ጊዜ አልነበረም።

እኔ የሰማሁት ቤተ መጻሕፍቱ ውስጥ፣ ብቻዬን፣ በማዳመጫ ነው። ኦርጋኑ ገባ። ቀጭኗ ገባች። እኔ የምገባበት ደረሰ። የለሁም። ከመጀመሪያው ጀመርኩት። የለሁም። እንደገና ሳደምጥ አገኘሁት። ከቀጭኗ ድምፅ ጋር ተለጥፎ፣ የእሷን ዜማ የሚዘፍን፣ የሕፃን የሚመስል ድምፅ አለ። «ተስፋ» ሲል መጨረሻው ላይ ትንፋሹን እንደ እኔ ያቋርጣል። እኔ ነኝ። ቀጂው በኮምፒውተር አንሥቶ፣ አቅጥኖ፣ ዘፍኜው የማላውቀውን ዜማ በእኔው ድምፅ አዘፍኖኛል።

መምህሩ ሲደውልለት አጠገቡ ነበርኩ፤ ድምፁን ክፍት አድርጎታል። «አዎ፣ አንዷ ልጅ ሙሉ በሙሉ ስታ ነበር» አለ ቀጂው። «ቀኑን ሙሉ ቁጭ ብዬ ቃል በቃል አስተካከልኩላት። ማንም አያውቅባትም፣ እንዳታፍር በላት።» ሰውየው ክፉ አልነበረም። ደክሞልኛል።

ከዚያ ሁዳዴ ገባ። በጾም አንገናኝም፤ ዲያቆኑ ወደ ደብረ ወርቅ ሄደ፣ ቀጭኗ ከእናቷ ጋር ቅዳሴ ትውላለች፣ መምህሩ ክፍሉን ቆልፎ ቁልፉን ኪሱ ውስጥ ከተተ። ቅዳሜ ከሰዓት ከግድግዳው ባሻገር የሚሰማ ነገር የለም። የምናገረው አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ነበረኝ፣ የምነግረው ሰው ግን አልነበረም። መደርደሪያ እየጠረግሁ አሰላዋለሁ፤ አሳጥረዋለሁ፤ ንዴቱን አወጣለታለሁ፤ መልሼ አስገባበታለሁ።

«ምን ሆነሻል? ጾሙ ጠናብሽ?» ትለኛለች አክስቴ።

«አዎ።»

«ታዲያ ምሳሽን ለምን እስከ ዘጠኝ ሰዓት ታቆዪዋለሽ፤ እግዜር እንደሆነ ያንቺን ሆድ ቆሞ አይጠብቅ።»

በጾም ዘፈን አይወጣም ብያለሁ። አይሰማም ይባላል እንጂ ይሰማል። ባጃጅ ነጂዎቹ ድምፁን ቀንሰው ይከፍቱታል፤ ተማሪዎቹ አንድ ማዳመጫ ለሁለት ተካፍለው መጽሐፍ ከፊታቸው ዘርግተው ያደምጡታል። እኔው ቆሜባቸው፣ «ጸጥታ» እያልኳቸው። ፋሲካ ሲደርስ ዘፈኑን የማያውቅ ወጣት አልነበረም።

በበዓሉ ሳምንት ተገናኘን። ሌሎቹ መምህሩን አንተ ማለት ከጀመሩ ቆይተዋል፤ እኔ እርስዎ ማለቱን አልተውኩም ነበር።

«መምህር፣ ዘፈኑ ይስተካከል። የእኔ ድምፅ እንደነበረው ይመለስ። ለሰውየው ይንገሩልኝ።»

የኦርጋኑን ሽፋን አጥፎ፣ ዘርግቶ፣ መልሶ አጠፈ። «ልክ ነሽ። ግን ሰው እኮ ለምዶታል። አሁን ብንቀይረው አበላሹት ነው የሚለን።»

«የተበላሸውን ነው የለመደው።»

«እሱን የምናውቀው እኔና አንቺ ነን።»

«እኔም አውቃለሁ» አለች ቀጭኗ ቀስ ብላ። ወዲያው ግን ፊቷ በራ። «ደግሞ እኮ አሁን ሰዉ ሁሉ አብሮን ሊዘፍን ነው! እስኪ አስቢው እታለም፣ ዳሱ ሙሉ ሰው አብሮሽ ሲዘፍን።»

«ከእኔ ጋር አይደለም የሚዘፍነው።»

«በመቋሚያ ነኳት ማለት ነው» አለ ዲያቆኑ። ሳቅ ጠብቆ ነበር፤ ሲያጣ አንገቱን ደፋ።

«ለጊዜው እንደተቀዳው እንበለው» አለ መምህሩ። «ለሚመጣው ሰርግ ብቻ። የሚቀጥለው ዘፈን ላይ ቦታሽ ይጠበቅልሻል።»

ያንን ቦታ የሰጠኝ እሱ ነው። ከእሱ በቀር ቦታው መኖሩን የሚያውቅ ሰው ስላልነበረ፣ እሱ ሲተወው የምከስበት ሌላ ሰው አልነበረኝም።

ሰርጉ ጉንደ ወይን ነበር። ዳሱ ሰፊ ነው፤ ሰው ከዳሱ አልፎ አጥሩ ድረስ ቆሟል። መምህሩ ስልኩን ከስፒከሩ ጋር አገናኘና የተቀዳውን ከፈተው፤ እኛ ማይክ ይዘን አፋችንን እናንቀሳቅሳለን። ከስቱዲዮ በወጣው በዚያ የሕፃን ድምፅ ልክ ከንፈሬን ስከፍትና ስዘጋ፣ ሙሽራዋ ፈገግ ብላ ታየኝ ነበር። ሁለተኛው አዝማች ላይ መብራት ጠፋ።

ስፒከሩ ዝም አለ። ሰው ግን ዝም አላለም። ካቆመበት ተቀብሎ፣ እያጨበጨበ፣ ዘፈኑን ይዞት ሄደ። ጄኔሬተር ለማስነሣት ሲሯሯጡ እኛ ማይኩን አውርደን በባዶ ድምፃችን መግባት ነበረብን። ቀጭኗ ገባች። ዲያቆኑ ጣቱን ወደ ጆሮው ሰደደ። መምህሩ አየኝ፤ ዓይኑ የትኛውን እንደሚለኝ ግን አላወቅሁም። ወደ ራሴ ወረድኩ።

አንድ አዝማች ያህል ዘፈንኩት። የቀጭኗ ድምፅ ከጎኔ ሳይንቀጠቀጥ ይሄዳል፤ ዲያቆኑም አልጠፋም፤ መምህሩ ከታች አለ። ሁላችንም በቦታችን ነበርን። ያንን አምስተኛውን ድምፅ ጠበቅሁት። በዚያ ሁሉ ሕዝብ ውስጥ ሊሰማ እንደማይችል እያወቅሁም ጠበቅሁት። በመካከሉ አንድ እጅ ትከሻዬ ላይ አረፈ። ነጠላቸውን የደረቡ አንዲት እናት ናቸው፤ የሙሽራዋ አክስት መሰሉኝ። አፋቸውን ወደ ጆሮዬ አስጠጉ።

«የኔ ልጅ፣ አልያዝሽውም። እነሱን ተከተያቸው። አይዞሽ፣ ቀላል ነው።»

ከዚያ ዜማውን ቀስ ብለው በጆሮዬ አዜሙልኝ፤ ቃሉንም ሳይሳሳቱ። መንገዱ ቢረዝም፣ ዳገቱ ቢከፋ። እንድይዘው ሁለት ጊዜ ደገሙልኝ።

«እሺ እማማ» አልኳቸው።

አፌን ዘጋሁ። ከንፈሬን ብቻ እያንቀሳቀስኩ አደመጥኩ። ከዘፈኑ ምን እንደሚጎድል ለመስማት ነበር። ምንም አልጎደለበትም። ሰው ያጨበጭባል፣ ሙሽራዋ ታለቅሳለች፣ እማማ ያዘችው ብለው ደስ ብሏቸው ራሳቸውን ይነቀንቁልኛል። ጄኔሬተሩ ሲነሣና ስፒከሩ ሲመለስ፣ ያ ድምፅ በእኔ ፈንታ መዝፈኑን ቀጠለ።

ስንመለስ ሚኒባሱ ውስጥ መምህሩ «ተወጣነው እኮ!» እያለ የጄኔሬተሩን ሰውዬ ሩጫ ያስመስላል፤ ዲያቆኑ ይስቃል። ቀጭኗ እጄን ይዛ መስኮቱን ታያለች። ደብረ ማርቆስ መናኸሪያ ስንወርድ ነገርኳቸው።

«ከዛሬ ጀምሮ ሦስት ሁኑ።»

«ለምን?» አለ መምህሩ፣ ገመዱን ክንዱ ላይ እንደጠቀለለ።

«ሦስት ናችሁ እኮ።»

አልተጣላንም። መምህሩ ከዚያ በኋላ ጥቂት ጊዜ ወደ ቤተ መጻሕፍቱ እየመጣ የማያነባቸውን መጻሕፍት ተዋሰ፤ ሲመልስም ስለ መጻሕፍቱ ምንም አልጠየቅሁትም። እነሱ ሌላ ዘፈን አወጡ። በቪዲዮው ውስጥ በእኔ ቦታ አንዲት ቆንጆ ልጅ ቆማ አፏን ታንቀሳቅሳለች። ግጥሙ የእኔ አይደለም፤ ሁለት ቦታ ላይ ቤት አይመታም። ከዚያ ዲያቆኑ ወደ ድጓው ተመለሰ፤ አሁን አግብቶ ቀስሷል፣ ተማሪዎችም አሉት አሉ። መምህሩ አዲስ አበባ ተዛውሮ የማስታወቂያ ሙዚቃ ይሠራል። ቀጭኗ ባሕር ዳር አገባች። አገሩም ወዲያው ከፋ፤ መንገድ ሲዘጋ፣ ሲከፈት፣ ሲዘጋ፣ ሰርጉ በየጓዳው ሆነ፤ ስፒከር ጭኖ ከወረዳ ወረዳ መሄድ ቀረ። ስንት ቡድን እንደ እኛ ሳይጣላ እንደተለያየ አላውቅም።

እኔ ትምህርቴን ጨረስኩ፣ በርቀትም ተምሬ ዲግሪ ያዝኩ፣ የዚያው ቤተ መጻሕፍት ኃላፊ ሆንኩ። አክስቴ አርፋለች። በእሷ ቤት ብቻዬን ነኝ። ብቸኝነቱን ለምጄዋለሁ ብል ሐሰት አይሆንም፤ ያልለመድኩት አንድ ነገር ነው። ሌላ ሰው ሥራ ሲሠራ የሚወደውን ዘፈን ያንጎራጉራል። እኔ የማውቃቸው ዘፈኖች ሁሉ ግማሽ ናቸው። ሁለተኛ ድምፅ ለብቻው ሲዘፈን ዘፈን አይመስልም፤ አንድ ቦታ ላይ ረጅም ይቆማል፣ ትንሽ ይወርዳል፣ ተመልሶ ይቆማል። ሰው ወሬ ሲያዳምጥ «እህ፣ እህ» እንደሚለው ነው፤ ወሬው ግን የለም።

አንድ ጊዜ አንዲት ተማሪ መጽሐፍ ስትመልስ ፈራ ተባ እያለች፣ «እትዬ፣ ያንን ዘፈን የዘፈኑት እርስዎ ነዎት አሉ፤ እስኪ ትንሽ» አለችኝ። ሰው አልነበረም። ዘፈንኩላት። አንገቷን ዘንበል አድርጋ በትሕትና ሰማችኝ።

«ይሄኛው ሌላ ነው» አለች። «እኔ የታወቀውን ማለቴ ነበር።»

«አዎ፣ ሌላ ነው» አልኳት።

ባለፈው ኅዳር፣ ኔትወርክ ከብዙ ጊዜ በኋላ የተመለሰ ሰሞን፣ እሑድ ከሰዓት ቀጭኗ ደወለች።

«እታለም! አለሽ? ስንት ጊዜ ሞከርኩ መሰለሽ።»

«አለሁ። ልጁ ደኅና ነው?»

«ያውልሽ፣ ተኝቷል፤ እስኪነቃ ነው ነፃነቴ።» ስለ ባሏ ሱቅ፣ ስለ ዘይት፣ ስለ እናቷ እግር አወራችኝ። ከዚያ ድምጿን ዝቅ አደረገች። «ዕቃ ሳጥብ ያንን ዘፈን እዘፍነዋለሁ። አንቺ የምትገቢበት ላይ ስደርስ እቆማለሁ። ልጄ ‹እማ፣ ረሳሽው?› ይለኛል።»

«ምን ትይዋለሽ?»

«ሰው እየጠበቅሁ ነው እለዋለሁ።»

«ነይ አሁን እንሞክረው» አለችና ጀመረች። ገባሁ። ከአፌ ሲወጣ ትክክል ነው፤ እሷ ዘንድ ሲደርስ ግን ዘግይቷል፤ የእሷም ወደ እኔ ሲመጣ ዘግይቶ ነው።

«ዘገየሽ!»

«አንቺ ነሽ የፈጠንሽ።»

«ኧረ ቆሜ ነው የጠበቅሁሽ!»

እንደገና ጀመርን። ልድረስባት ብዬ ስፈጥን፣ እሷ ትድረስብኝ ብላ ትዘገያለች። ተሳስቀን ተውነው። ስቀን ስንጨርስ መስመሩ ብቻ እሽ ይላል።

«አንቺ የአንቺን ዝፈኚው» አለች። «ብቻሽን። እኔ እሰማሻለሁ።»

«ለብቻው እኮ ዘፈን አይደለም።»

«ለሌላ ሰው ነዋ። እኔ ሌላውን አውቀው የለ።»

ተነሥቼ ቆምኩ፤ ተቀምጬ መዝፈን አልችልም። ስልኩን አፌ አጠገብ ይዤ ጀመርኩት። አልቸኮልኩም። የሚቆምበት ቦታ ላይ የሚገባውን ያህል ቆምኩ፣ በሚወርድበት ወረድኩ። ከወዲያ ማዶ ትንፋሿ ይሰማኛል፤ ከንፈሯን ገጥማ የራሷን በልቧ እያለች እንደሆነ አውቄያለሁ፤ መተንፈስ በሚገባት ቦታ ነበር የምትተነፍሰው። ሁለተኛው አዝማች ላይ ልጁ አለቀሰ።

«መጣሁ እታለም፣ ነቃብኝ፣ እደውልልሻለሁ» አለችና ዘጋችው።

መስመር ከመሃል መተው አልወድም። ስልኩን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩና የቀረውን እስከ መጨረሻው ዘፈንኩት።